ከኬሞ በኋላ ያሉት ቀናት፦ አዛውንት ታማሚን ቤት ውስጥ ማስታመም

ኬሞ (የካንሰር መድኃኒት) የሚሰጠው ሆስፒታል ነው፤ የማስታመሙ ሥራ ግን ቤት ይጠብቃል። መርፌው በአንድ ቀን ያልቃል። እስከሚቀጥለው ዙር ያሉት ቀናት፣ ብዙ ጊዜ 21 ናቸው፣ በልጅና በምራት፣ በእህትና በጎረቤት እጅ ያልፋሉ። ይህ መመሪያ ባሕር ዳርና በጣና ዙሪያ ሆነው እናታቸውን ወይም አባታቸውን ለሚያስታምሙ የተጻፈ ነው። ሐኪማችሁ ከዚህ የተለየ ነገር ካዘዘ የሐኪሙን ተከተሉ፤ ታማሚውን በዓይኑ ያየው እሱ ነውና።

ሌላው ሁሉ ቢረሳ እንዳይረሳ አንዱን ነገር እናስቀድም። በጣና ዙሪያ ሰው ሲያተኩሰው መጀመሪያ የሚባለው «ወባ ነው» ነው፤ ካልሆነም «ምች መታው»፣ «ብርድ ነው»። ለሌላ ሰው ግምቱ ልክ ሊሆን ይችላል። ኬሞ በወሰደ ሰው ላይ ግን ትኩሳት ሲመጣ ነጭ የደም ሴል ባለቀበት ሰውነት ውስጥ ኢንፌክሽን ገብቷል ተብሎ ነው መነሳት ያለበት። ይህ ደግሞ ማታ ጀምሮ ሳይነጋ ሰው ይዞ ሊሄድ የሚችል ነገር ነው። ፓራሲታሞል ውጦ ማደር፣ ለወባ ምርመራ ብቻ ተሰልፎ መጠበቅ፣ «ላብ ይውጣላቸው» ብሎ ብርድ ልብስ መደረብ፣ ሕይወት የሚያድነው ሰዓት የሚያልፈው በእነዚህ ነው።

ከመጀመሪያው ዙር በፊት

የሚገዛው ብዙ አይደለም፦

• ዲጂታል ቴርሞሜትር። የራሳችሁ ይሁን፤ ሌሊት ጎረቤት ቤት አንኳኩቶ መዋስ አይቻልም።
• አንድ ደብተርና እስክሪብቶ፣ በክር ታስሮ አልጋው ራስጌ የሚንጠለጠል።
• በጣም ለስላሳ የጥርስ ብሩሽ።
• ቤኪንግ ሶዳ። ከቤኪንግ ፓውደር ጋር አንድ መደርደሪያ ላይ ስለሚቀመጥ ሰው ያሳስታል፤ ፓውደሩ አሲድና ስታርች የተቀላቀለበት ስለሆነ ለአፍ መጉመጥመጫ አይሆንም። ማሸጊያው ላይ «ሶዳ» የሚለውን አንብቡ።
• ቢያንስ አራት ፓኬት ኦአርኤስ፣ አንድ ካርቶን የላስቲክ ጓንት።
• ባለ 1 ሊትር የውሃ ላስቲክ፣ ለመለኪያ።
• ፖፖና የእጅ ባትሪ። መብራት ይጠፋል፣ ሌሊት ሽንት ቤት ሲሄዱ መውደቅም ከዚያ ይመጣል።

ከዚያ ለሦስት ቀን ያህል ጠዋትና ማታ ሙቀት እየለካችሁ ጻፉ። የአዛውንት ሙቀት ከወጣት ዝቅ ይላል፤ ብዙዎቹ በብብት 36 አካባቢ ነው የሚውሉት። የእናታችሁ የዘወትር መጠን 35.9 መሆኑን ካወቃችሁ 37.2 ሲሆን «ኧረ ደህና ናቸው» ብላችሁ አታልፉም።

ክብደታቸውንም መዝኑ። በኋላ እንመለስበታለን።

ቀኑን መቁጠር

መርፌው የተወሰደበት ቀን 1ኛ ቀን ነው። ደብተሩ ላይ እስከ 21 ድረስ በቁጥር ጻፉና ከጎኑ የወሩን ቀን አስገቡ። የመጀመሪያዎቹ ሁለት ቀናት የማቅለሽለሽና የመድኃኒቱ ዝቃጭ ከሰውነት የሚወጣበት ጊዜ ነው። ከ7ኛው እስከ 14ኛው ቀን፣ በአብዛኞቹ መድኃኒቶች፣ ነጭ የደም ሴል ዝቅ ብሎ የሚገኝበት ነው። እነዚህን ስምንት ቀናት በቀይ እስክሪብቶ ክበቧቸው። አስቸጋሪነታቸው ሰውየው ያን ጊዜ ጤነኛ መምሰላቸው ላይ ነው፦ ማስታወኩ አልፏል፣ ምግብ መቅመስ ጀምረዋል፣ «እስቲ ቤተ ክርስቲያን ልሳለም፣ ለቅሶ ልድረስ» ይላሉ። ደማቸው ውስጥ ያለው ግን ፊታቸው ላይ አይታይም።

ከዘጌ፣ ከደቅ ደሴት ወይም ከራቀ ገጠር የመጡ ከሆነ፣ እነዚህን ስምንት ቀናት ከተማ ዘመድ ቤት ቢያሳልፉ ጥሩ ነው። እኩለ ሌሊት ላይ ጀልባ አይገኝም፤ ዝናብ ያበላሸው መንገድም እንደዚያው።

ትኩሳት፦ አለካኩና ከዚያ የሚደረገው

በብብት ሲለካ ስህተቱ ብዙ ነው፣ በተለይ በከሳ አዛውንት ላይ። ሥጋው ስለሄደ ብብታቸው ውስጥ ጎድጎድ ያለ ባዶ ቦታ ይኖራል፤ የቴርሞሜትሩ ጫፍ ቆዳ ሳይነካ አየር ውስጥ ተንጠልጥሎ 35.4 ይላል፣ ቤተሰብም እፎይ ይላል። ስለዚህ፦

1. ብብቱን በደረቅ ጨርቅ ጥረጉ። ላብ ካለ ያቀዘቅዘዋል።
2. ጫፉን ወደ ብብቱ ጥልቅ ቦታ፣ ወደ ላይና ወደ ውስጥ አስገቡ። ከክንዱ ጋር ትይዩ ሆኖ ወደ ኋላ እንዳይወጣ።
3. ክንዳቸውን ደረታቸው ላይ አሻግራችሁ መዳፋቸው ሌላኛውን ትከሻ እንዲይዝ አድርጉ። ክርናቸውን እናንተ ደግፋችሁ ወደ ጎን ጫን በሉ።
4. ጢጥ ካለ በኋላ አንድ ደቂቃ ጨምራችሁ ያዙ።
5. ጻፉ፦ ሰዓት፣ ቁጥር፣ የስንተኛ ቀን እንደሆነ።

ሻይ ከጠጡ፣ ከታጠቡ ወይም ከፀሐይ ከገቡ ግማሽ ሰዓት ቆዩ። በቀይ በተከበቡት ቀናት ጠዋት 1 ሰዓትና ማታ 1 ሰዓት ለኩ፤ በመካከል «ብርድ ብርድ አለኝ» ካሉ ደግሞ ወዲያውኑ። ከመለካታችሁ በፊት ፓራሲታሞል አትስጡ። ትኩሳቱን ለጥቂት ሰዓት ይሸፍነዋል፣ ኢንፌክሽኑ ግን ሥራውን ይቀጥላል።

ብብት ከአፍ ውስጥ በግማሽ ዲግሪ ያህል ዝቅ ብሎ ይነበባል። 38 ካያችሁ አትድገሙ፣ ወደ ሆስፒታል ተነሱ። 37.5 ካያችሁ ከግማሽ ሰዓት በኋላ ድገሙ፤ እንደዚያው ከሆነ ወይም ከፍ ካለ ተነሱ። ጥርስ የሚያንቀጫቅጭ ብርድ ካለ ቁጥሩ ምንም ቢሆን ተነሱ። አዛውንት ደግሞ ያለ ትኩሳትም በጽኑ ሊታመሙ ይችላሉ፦ ትላንት ስማችሁን ይጠሩ የነበሩት እናት ዛሬ ካምታቱ፣ ካለወትሯቸው እንቅልፍ ካበዙ፣ ሽንታቸው ካነሰ፣ ትንፋሻቸው ከፈጠነ ይህም እንደ ትኩሳት ይቆጠር። «እርጅና ነው» ማለት እዚህ ላይ ይቆይ።

ወዴት? ድንገተኛ ክፍል ወዳለውና ቀን ከሌት ወደሚሠራ ሆስፒታል፤ ባሕር ዳር ውስጥ ፈለገ ሕይወት አለ፣ ጥበበ ግዮን አለ። ኬሞ የሰጣችሁ ሆስፒታል ቅርብ ከሆነ ካርዳቸው እዚያ ስለሚገኝ እሱ ይቀድማል። ባጃጅ ካገኛችሁ በባጃጅ፣ አምቡላንስ ስትጠብቁ አትቆዩ። በር ላይ ስትደርሱ የምትናገሩትን ከአሁኑ ወረቀት ላይ ጽፋችሁ ካርዱ ውስጥ አስቀምጡት፦

«የካንሰር ታማሚ ናቸው። ኬሞ የወሰዱት በዚህ ቀን ነው፤ ዛሬ ____ኛ ቀናቸው ነው። ሙቀታቸው ____ ነበር፣ የተለካው ____ ሰዓት ላይ። ነጭ የደም ሴል ወርዶባቸው ሊሆን ስለሚችል ሲቢሲ (የደም ሴል ቆጠራ) እንዲታይልንና አንቲባዮቲክ በቶሎ እንዲጀመርልን እንጠይቃለን።»

ይህን ማለት ሐኪም ማዘዝ አይደለም። በሰው በተጨናነቀ ክፍል ውስጥ «አተኮሳቸው» የሚል ቃል ብቻ ከሰማ ማንም ሰው ወረፋ ያስይዛችኋል፤ «ኬሞ፣ 10ኛ ቀን፣ 38.4» ሲሰማ ግን የሚሠራበት መንገድ የተለየ ነው። በደም ሥር የሚሰጠው አንቲባዮቲክ በአንድ ሰዓት ውስጥ እንዲጀመር የሚመከር ነው። የወባ ምርመራም ይደረግ፣ በተለይ ከመስከረም እስከ ኅዳር። ግን ጎን ለጎን ይደረግ እንጂ አንቲባዮቲኩ የወባውን ውጤት አይጠብቅ። ወባ ተገኘ ማለትም ሌላ ኢንፌክሽን የለም ማለት አይደለም። አጎበሩ ዓመቱን ሙሉ አልጋው ላይ ይሁን።

የመጀመሪያዎቹ 48 ሰዓታት

መድኃኒቱ በሽንት፣ በሰገራ፣ በትውከትና በላብ ይወጣል። እነዚህን የሚያነሳ ሰው ጓንት ያድርግ፤ ነፍሰ ጡርና የምታጠባ እናት ይህን ሥራ ለሌላ ሰው ትተው። ሽንት ቤቱ በባልዲ የሚደፋበት ከሆነ ውሃውን ከፍ አድርጎ መድፋት ፍንጣሪ ያመጣል፤ ዝቅ አድርጋችሁ ሁለት ጊዜ አፍስሱ፣ ክዳን ካለው ክደኑት። የቆሸሸ አንሶላና ልብስ ከሌላው ተለይቶ ሁለት ጊዜ ይታጠብ።

ቀይ ኬሞ (ዶክሶሩቢሲን) የወሰዱ ከሆነ ሽንታቸው ለአንድ ሁለት ቀን ቀይ ወይም ብርቱካናማ ይሆናል። ቀለሙ የመድኃኒቱ ነው፤ ደም ነው ብላችሁ አትደንግጡ። ከሁለት ቀን ካለፈ ግን ሐኪም ጠይቁ።

የማስታወክ መከላከያው «ካስታወካቸው ይውሰዱ» ተብሎ የሚጠበቅ አይደለም። በታዘዘው ሰዓት፣ ምንም ባይሰማቸውም፣ ከምግብ ግማሽ ሰዓት በፊት ይሰጥ። አንዴ ማስመለስ ከጀመረ ኪኒኑም አብሮ ይወጣል። ከማስታወክ መከላከያዎቹ አንዱ የሆነው ዴክሳሜታዞን የታዘዘላቸው ጠዋት ይውሰዱት፤ ማታ ከወሰዱት እንቅልፍ ይነሳል። ስኳርም ከፍ ያደርጋል፣ ስለዚህ የስኳር ሕመምተኛ ከሆኑ በእነዚህ ቀናት መለካት ይዘውተር።

ሌላ የሰዓት ነገር አለ፣ ትንሽ ቢመስልም ብዙ ስህተት የሚያመጣ። የመድኃኒት ወረቀት ላይ 8:00 የሚል ሲጻፍ በፈረንጅ አቆጣጠር ሊሆን ይችላል፤ ያ ማለት ለእኛ ከጠዋቱ 2 ሰዓት ነው። «በየ8 ሰዓቱ» የሚለው ደግሞ በቀን ሦስቴ ነው፤ 8 ሰዓት ላይ ብቻ ማለት አይደለም። መድኃኒት ቤቱ መስኮት ላይ ቆማችሁ በሐበሻ ሰዓት አስጽፉት፣ ፊደል ለማያነቡ እናት ደግሞ ፓኮው ላይ ፀሐይና ጨረቃ ሳሉበት።

ቤት ውስጥ ዕጣን፣ የቡና ቁላትና የሽንኩርት ቁሌት ሽታ ያስታውካቸዋል። ቡናው ውጭ ይፈላ። ለብ ያለ ወይም የቀዘቀዘ ምግብ ከሚጨስ ምግብ ሽታው ስለሚያንስ ይሻላቸዋል።

ምግብና ውሃ

ለታማሚ የሚያስፈልገው ፕሮቲን በአንድ ኪሎ ክብደት በቀን ከ1.2 እስከ 1.5 ግራም ነው። 50 ኪሎ የሚመዝኑ እናት ከ60 እስከ 75 ግራም ማግኘት አለባቸው ማለት ነው። የኩላሊት ሕመም ካለባቸው መጠኑን ሐኪም ይወስናል። በቁጥር ሲታይ፦ አንድ እንቁላል 6 ግራም፣ አንድ ኩባያ ወተት 8 ግራም፣ መቶ ግራም የበሰለ የቆሮሶ ዓሣ ከ20 ግራም በላይ ይሰጣል። የሾርባ ውሃ ግን፣ «ጉልበት ይሆናቸዋል» ቢባልም፣ ፕሮቲኑ እዚህ ግባ አይባልም፤ ጉልበቱ ድስቱ ሥር የቀረው ሥጋ ውስጥ ነው።

ብዙ ምግብ የማይገባላቸው ከሆነ አጥሚቱን ማጎልበት ነው። ለአንድ ጊዜ የሚሆን፦

3 የሾርባ ማንኪያ የአጃ ወይም የገብስ ዱቄት፣ 1 ተኩል ኩባያ የፈላ ወተት፣ ግማሽ ኩባያ ውሃ፣ 1 የሾርባ ማንኪያ የለውዝ ቅቤ፣ 1 የሾርባ ማንኪያ ስኳር።

ዱቄቱን በቀዝቃዛው ውሃ በጥብጡ፣ ጓል እስኪጠፋ። የጋለ ወተት ላይ ደረቅ ዱቄት ከተነሰነሰ ውጩ በስሎ ውስጡ ጥሬ የሆነ እንክብል ይሠራል፣ የቆሰለ ጉሮሮም አያሳልፈውም። ወተቱ ሲንተከተክ ብጥብጡን እያማሰላችሁ ጨምሩ፣ እሳቱን ቀንሳችሁ 10 ደቂቃ አማስሉ። የለውዙን ቅቤ ካወረዳችሁ በኋላ ጨምሩ፤ እሳት ላይ ሥሩ ይይዛል። ይህ ወደ 470 ካሎሪና 20 ግራም ያህል ፕሮቲን ነው። በትልቅ ኩባያ ሞልታችሁ ካቀረባችሁላቸው ገና ሲያዩት ይጠግባሉ፤ በቡና ሲኒ በየሁለት ሰዓቱ ስጧቸው። ለውዙ የሻገተ፣ የጠቆረ ወይም የተጨማደደ ካለበት ለቅማችሁ ጣሉት፤ ሻጋታው የሚያመነጨው መርዝ ጉበት ይጎዳል፣ ቁላትም ሙሉ በሙሉ አያጠፋውም።

ቆሮሶ ሲገዛ ዓይኑ ያበጠና የጠራ፣ ስንጥቡ ቀይ ይሁን። ፀሐይ ላይ የዋለውን ተዉት። አጥንቱ በጥንቃቄ ወጥቶ፣ ሥጋው በሹካ ሲነካ እስኪፈረፈር ይብሰል። በተከበቡት ቀናት ጥሬ ሥጋ፣ ለብለብ ክትፎ፣ ያልፈላ ወተት፣ ካልፈላ ወተት የተሠራ እርጎና አይብ፣ ሰላጣ የለም። እንቁላል አስኳሉ እስኪደርቅ 12 ደቂቃ ይቀቀል። ፍራፍሬ የሚላጥ ይሁን፦ ሙዝ፣ ብርቱካን፣ ፓፓያ፤ የሚልጠው ሰው እጁንና ፍሬውን ቀድሞ ይታጠብ። በሶ ጥሩ ስንቅ ነው፣ ግን የሚበጠበጥበት ውሃ ፈልቶ የቀዘቀዘ መሆን አለበት፤ ሰው የሚዘነጋው ይህን ነው።

ባሕር ዳር ከባሕር ጠለል በላይ 1,800 ሜትር ገደማ ላይ ስለሆነች ውሃ የሚፈላው በ94 ዲግሪ አካባቢ ነው። ለመጠጥ ከተንፈቀፈቀ በኋላ አንድ ሙሉ ደቂቃ ይበቃል፤ ከ2,000 ሜትር በላይ ለምትኖሩ ሦስት ደቂቃ። በፈላበት ዕቃ ተከድኖ ይቀዝቅዝ፣ ከዚያም አፈ ጠባብ ዕቃ ውስጥ ይገልበጥ። በጣሳ እየተጠለቀ የሚቀዳ ውሃ ከፈላ በኋላም በእጅ ይበከላል። የልብ ወይም የኩላሊት ሕመም ከሌለባቸው በቀን ከ1.5 እስከ 2 ሊትር ይጠጡ። አዛውንት ጥም ስለማይሰማቸው «ሲጠማዎት ይንገሩኝ» ብሎ መተው አይሠራም፤ በመጋቢትና በሚያዝያ ሙቀት ደግሞ ይብሳል።

ተቅማጥ ከያዛቸው አንድ ፓኬት ኦአርኤስ በ1 ሊትር ውሃ፣ ሳይበዛ ሳያንስ። «እንዲበረታ» ብሎ በግማሽ ሊትር መበጥበጥ ተቅማጡን ያብሳል። ካለቀባችሁ፦ በ1 ሊትር የፈላ ውሃ 6 የሻይ ማንኪያ ስኳርና ግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨው፣ ሁሉም ልክ እስከ ማንኪያው አፍ። ከ24 ሰዓት በኋላ ይደፋ። ከወትሮው ከአራት ጊዜ በላይ ጨምሮ ከወጡ፣ ወይም ደም ካለበት፣ ሐኪም ቤት ነው።

አፍ

በ1 ሊትር ፈልቶ የቀዘቀዘ ውሃ ውስጥ 1 የሻይ ማንኪያ ጨውና 1 የሻይ ማንኪያ ቤኪንግ ሶዳ ሟሙቶ በየቀኑ አዲስ ይዘጋጅ። ከምግብ በኋላና ከመኝታ በፊት፣ በድምሩ ከአራት እስከ ስድስት ጊዜ፣ ለግማሽ ደቂቃ ተጉመጥምጠው ይትፉት። አፋቸው ሳይቆስል ከ1ኛው ቀን ይጀመር። መፋቂያ ለጊዜው ይቅር፤ የደም መርጊያው ሴል ሲወርድ ድዱን ወግቶ ያደማል፣ ቁስሉም የተህዋስ በር ይሆናል። አርቴፊሻል ጥርስ ካላቸው ሲተኙ ይውለቅ። ምላስ ላይ የማይለቅ ነጭ ነገር ከታየ ፈንገስ ሊሆን ስለሚችል መድኃኒት ይፈልጋል፤ በጨርቅ አትፈግፍጉት።

ስለ ደም መርጊያው ካነሳን፦ አስፕሪን፣ አይቡፕሮፌንና ዲክሎፌናክ ያለ ሐኪሙ ፈቃድ አይወሰዱ። «ለወገብ» ተብሎ በየክሊኒኩ የሚወጋው መርፌ ብዙ ጊዜ ዲክሎፌናክ ነው፤ ስሙን ጠይቁ። ነስር ከመጣ ወደ ፊት ጎንበስ ብለው ለስላሳው የአፍንጫ ክፍል 10 ደቂቃ ሳይለቀቅ ይያዝ። አንገት ወደ ኋላ ማቃናት ደሙን ወደ ጉሮሮ ነው የሚያወርደው።

ሕመምና ድርቀት

ሞርፊን ሲታዘዝ ቤተሰብ ይደነግጣል፤ «ያለቀለት ሰው መድኃኒት» ተብሎ ይታማል። ሕመም ለሚሰማው ሰው ታዞ በልኩ ሲወሰድ ዕድሜ አያሳጥርም። በሰዓቱ ይሰጥ፤ ሕመሙ እስኪመለስ ከተጠበቀ ለማብረድ የሚያስፈልገው መጠን ይበዛል። የሚዋጠው ሞርፊን ብዙ ጊዜ በየ4 ሰዓቱ ነው። የሚያሳስበው ምልክት መቀስቀስ የሚያቅት እንቅልፍና በጣም የቀነሰ ትንፋሽ ነው፤ በደቂቃ ከ10 በታች ከተነፈሱ ቀጣዩን አትስጡ፣ ወዲያው ወደ ድንገተኛ ክፍል ይዛችኋቸው ሂዱ። መድኃኒቱ ተቆልፎ ይቀመጥ።

ሞርፊን ሁልጊዜ ማለት ይቻላል የሆድ ድርቀት ያመጣል። ስለዚህ ማለስለሻው (ቢሳኮዲል የተለመደው ነው) ከሞርፊኑ ጋር በዚያው ቀን ይጀመር። ተልባ ደግ ነገር ነው፣ ግን አንድ ስህተት አለ፦ ሞርፊን የሚወስዱና ውሃ የማይጠጡ አዛውንት ተልባ ሲጨመርባቸው አንጀት ውስጥ አብጦ ይቆማል። ከአንድ የሾርባ ማንኪያ ተልባ ጋር ሁለት ኩባያ ውሃ ካልጠጡ ይቅርባቸው። ሦስት ቀን ካልወጡ ደውሉ። ሆዳቸው ተነፍቶ የሚያስመልሳቸው ከሆነ ማለስለሻም አትስጡ፤ አንጀት ተዘግቶ ሊሆን ይችላል። በተከበቡት ቀናት በፊንጢጣ የሚገባ ነገር፣ መድኃኒትም ሆነ ቴርሞሜትር፣ አይሞከርም።

እንቅስቃሴና ቆዳ

«ይረፉ፣ ይተኙ» የሚለው ፍቅር አዛውንትን ይጎዳል። በአልጋ ላይ የዋለ ጡንቻ በቀናት ውስጥ ይሟሽሻል፣ መልሶ ለመገንባት ግን ሳምንታት ይፈጃል። በወንበር ጀምሩ፦ ክንድ ማሳረፊያ ያለውና የማይንሸራተት ወንበር ግድግዳ አስደግፉ። ወደ ወንበሩ ጠርዝ ይምጡ፣ እግራቸውን ወደ ኋላ ሰብሰብ ያድርጉ፣ ደረታቸውን ወደ ፊት አዘንብለው ይነሱ፣ ቀስ ብለው ይቀመጡ። አምስት ጊዜ፣ ጠዋትና ከሰዓት። ብዙዎች የማይነሱት ጉልበት አጥተው ሳይሆን ቀጥ ብለው ለመነሳት ስለሚሞክሩ ነው፤ አፍንጫቸው ከእግር ጣታቸው በላይ እስኪደርስ ያዘንብሉ።

ከዚያ በእግር። የጣና ዳር መንገድ ሜዳ ነው፣ ጥላም አለው፤ ከጠዋቱ 12 ሰዓት ተኩል እስከ 2 ሰዓት ድረስ አየሩ ይመቻል፣ ሰውም አይበዛም። 5 ደቂቃ ጀምሩ፣ በየሁለት ቀኑ አንድ ደቂቃ ጨምሩ። እየተራመዱ ማውራት ካቃታቸው ፈጥነዋል። እግራቸውን ሐይቁ ውስጥ አይንከሩ፤ ቢልሃርዚያ አለ።

አንዳንድ ኬሞ እጅና እግር ያደነዝዛል። «ጨርቅ የረገጥኩ ይመስለኛል» ካሉ ይህ ነው። ክፍት ነጠላ ጫማ ይቅር፣ ተረከዝ የሚይዝ ይሁን። ከሰል አጠገብ አይቀመጡ፣ የእግር መታጠቢያውን ውሃ እናንተ በክርናችሁ ፈትሹት። ማታ እግራቸውን ከሥሩም ከጣቶቹ መሐልም እዩላቸው፤ እሾህ ገብቶ ሳያውቁት ሊያድር ይችላል። ከአልጋ ሲነሱ ጠርዙ ላይ ለሁለት ደቂቃ ይቀመጡ፣ አለበለዚያ ደም ግፊታቸው ወርዶ ያዞራቸዋል።

ጨርሶ መነሳት ካልቻሉ በየሁለት ሰዓቱ ይገላበጡ። በጎን ሲተኙ ሙሉ በሙሉ ጎን ላይ ከሆኑ የዳሌ አጥንታቸው ይጫናል፤ ጀርባቸው ሥር ትራስ ገብቶ ጋደም ብቻ ይበሉ። ተረከዛቸው ፍራሹን እንዳይነካ ከባታቸው ሥር ጨርቅ አጥፋችሁ አድርጉ። ላስቲክ አንሶላ ከተነጠፈ ላዩ ላይ የጥጥ ይደረብ፣ ሙቀቱ ያልባቸዋል። ቀይ ቦታ ስታዩ በጣት ተጫኑና ልቀቁ። ነጣ ብሎ ከተመለሰ ከዚያ ጎን አንሷቸው፤ ቅላቱ ሳይለወጥ ከቀረ ቁስል ጀምሯልና ምንም ክብደት እንዳያርፍበት። አትሹት፣ ቅባትም አትፈግፍጉበት፤ ውስጡ የተጎዳውን ሥጋ ይቀደዋል። ቀለበት የሚመስል ትራስም አይሆንም፣ ዙሪያውን ደም ያግዳል።

ጠያቂ፣ ጸበልና ጾም

ጠያቂን መከልከል ከባድ ነው፤ ታማሚውንም ብቸኝነት ይጎዳቸዋል። በር ላይ ውሃና ሳሙና ይቀመጥ፣ ከቤተሰቡ የሚከበር አንድ ሰው «ሐኪም ስላዘዘን ነው፣ መሳሳም ለጊዜው ቀርቷል» ብሎ ይንገር። ጉንፋን ወይም ሳል ያለበት መስኮት ላይ ሆኖ ይጠይቅ። በአንድ ጊዜ ሁለት ሰው፣ ሩብ ሰዓት።

ጸበል ለሚሄዱ፦ በተከበቡት ቀናት መጠጣቱ እንዲቆይ ከንስሐ አባታቸው ጋር ተነጋገሩ። ያልፈላ ውሃ ነው፤ የሚነሳው ጥያቄ ይህ ብቻ ነው እንጂ እምነቱ አይደለም። መድኃኒቱም አይቋረጥ። ጾሙንም እንዲሁ፤ ለታመመ ሰው እንዲፈታለት አባቶች ይፈቅዳሉ፣ አዛውንቶች ግን ካልተነገራቸው በራሳቸው አይፈቱም። ቄሱ ራሳቸው ቤት መጥተው ቢነግሯቸው ልጅ አሥር ጊዜ ከሚለምን ይሻላል። እሺ ካላሉ ግን አጥሚቱን ያለ ወተት በለውዝና በሱፍ ውሃ ሥሩላቸው፣ ሽሮና ምስር በዘይት ይደጋገም።

የሚጠጣ የባህል መድኃኒት ሲመጣ፣ ዳማከሴም ይሁን ሌላ ቅጠል፣ ለሐኪሙ ንገሩ። አንዳንዱ ጉበት ላይ ከኬሞው ጋር ይጋጫል። ደብቆ መስጠት ከሁሉ የከፋ ነው፤ የጉበት ምርመራው ሲበላሽ ሐኪሙ ምክንያቱን ኬሞው ላይ ያደርግና መጠኑን ይቀንሳል።

ለቀጣዩ ዙር ደብተሩን ይዞ መሄድ

በየሳምንቱ በአንድ ቀን፣ ጠዋት፣ ከሽንት በኋላ፣ በአንድ ዓይነት ልብስ መዝኗቸው። 50 ኪሎ ከነበሩት ላይ በወር ውስጥ 2.5 ኪሎ ከጎደለ ቀጠሮ ሳትጠብቁ ተናገሩ። ሐኪሙ ፊት ስትቀርቡ «እንዴት ሰነበቱ?» ሲባሉ እናቶች «እግዚአብሔር ይመስገን» ነው የሚሉት፤ አሥር ቀን አፋቸው ቆስሎ ውሃ እንኳ ሳይውጡ ቢሰነብቱም። ደብተሩን ክፈቱና እናንተ አንብቡ፦ በስንተኛው ቀን አተኮሳቸው፣ ስንት ጊዜ አስመለሳቸው፣ የትኛው ጣት ደነዘዘ፣ ሞርፊኑ ስንት ሰዓት ላይ ያልቅባቸዋል። የሚቀጥለው መርፌ መጠን የሚወሰነው ከደም ምርመራው ጋር በዚህ ነው።